ዘጠነኛዋ ፒን

ኮምፒውተሩ ከደሴቱ ገዳም የመጣው በነጭ ጋቢ ተጠቅልሎ ነው። ሁለት መነኮሳት ከጀልባ ሲያወርዱት፣ ወደቡ ላይ ተሳፋሪ የሚጠብቁ ባጃጅ ነጂዎች አስከሬን መስሏቸው ሙዚቃቸውን አጠፉ። ወንጌላዊት ከወደቡ ከፍ ብላ ካለችው የጥገና ሱቋ በር ላይ ቆማ ታያቸዋለች። ለጥገና የሚመጣ ዕቃ በፌስታል ይመጣል፣ በማዳበሪያ ይመጣል፣ አንዳንዴም ባለቤቱ በንዴት እየረገመው ይዞት ይገባል። እንዲህ ተከብሮ የመጣ ዕቃ ግን ከነጣጣው ነው።

ከኋላ የተከተሉት አበምኔቱ አባ ወልደ ጻድቅ ነበሩ። መስቀል አሳልመዋት ዱካዋ ላይ ተቀመጡና ጥቂት ተነፈሱ።

«የመሪጌታ ገብረ ሕይወት ልጅ ባትሆኝ ይህን ለማንም አላሳይም ነበር» አሏት። «በአባትሽ ነው ያመንሁሽ። ለእሳቸው ገና አልነገርኋቸውም፤ ከሰባታሚት ሲመጡ አንቺው ትነግሪያቸዋለሽ።»

ወንጌላዊት ደሴቱን ረግጣ አታውቅም፤ ሴት አይገባበትም። ወሬው ግን ውኃ ይሻገራል። የገዳሙ ሥዕላዊ ወንጌል ተለውጧል ከተባለ ወር ሊሞላው ነው። ለጥናት የመጡ አንድ ምሁር ገጾቹን ሲገልጡ ፊታቸው ተለዋወጠ አሉ፤ ብራናው አዲስ ነው፣ አሮጌ ያስመሰለው ጢስና የቅጠል ውኃ ነው ብለው ተናገሩ። እውነተኛው መጽሐፍ የት እንደገባ የሚያውቅ የለም። የዕቃ ቤቱ ጠባቂ ዲያቆን ባምላክ ተይዞ ከታሰረ ሃያ ሦስት ቀኑ ነው። «ከሁለት ዓመት በፊት ስረከብ የነበረው ይኸው ነው» እያለ ይምላል፤ የሚሰማው ግን አላገኘም።

«ልጁ ሲረከብ እያንዳንዱ ገጽ ፎቶ ተነሥቷል» አሉ አበምኔቱ። «ፎቶው እዚህ ውስጥ ብቻ ነው ያለ። ያን ቀን ዕቃ ቤት የነበረው አዲሱ ከሆነ ባምላክ ንጹሕ ነው። አሮጌው ከነበረ ደግሞ እሱው ይጠየቅበታል። እኛም ሥራችንን አላወቅን፤ ማሽኑ ልክ በተፈለገ ሰሞን አልነሣ አለ።»

ወንጌላዊት ሃርድ ዲስኩን ነቅላ በራሷ ማሽን ላይ ሰካችው። ተቆልፏል። ቁልፉ ደግሞ ከዚያው ከገዳሙ ማዘርቦርድ ጋር የታሰረ ነው፤ በሌላ ማሽን ካልከፈትሁ ብሎ የሚታገለውን ሰው አርባ ስምንት አሃዝ ቁጥር ይጠይቀዋል።

«ቁጥሩ አለ፣ አባ?»

«በመዝገባችን መጨረሻ ገጽ ተጽፎ ነበር» አሉና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ገጹ ተቀዷል።»

አበምኔቱ ሊሄዱ ሲነሡ፣ ነገ በአሥር ሰዓት ከፖሊስ መርማሪው ጋር እንደሚመለሱ ነገሯት።

ብቻዋን ስትቀር ሥራዋን ጀመረች። ማስነሻውን ስትጫነው ፋኑ ይዞራል፣ ይቆማል፣ እንደገና ይዞራል፤ ስክሪኑ ግን ጥቁር እንዳለ ነው። የኃይል ሳጥኑን ቀየረች። ራሞቹን እያወጣች አንድ በአንድ ሞከረች። ስክሪኑን ቀየረች። ምንም የለም። በመጨረሻ ፋኑን አነሣች፣ ከሥሩ ያለውን ቅባት ጠረገች፣ መያዣ ብረቱን ከፍ አድርጋ የማሽኑን አንጎል፣ ፕሮሰሰሩን፣ በሁለት ጣቷ አወጣችው።

የዚህ ዓይነት ፕሮሰሰር ሥሩ ለጥ ያለ ነው፤ ፒን የሚባሉት ጥቃቅን የብረት ምላሶች ያሉት እሱ በሚያርፍበት በማዘርቦርዱ መቀመጫ ላይ ነው። ከሺህ የሚበልጡ ናቸው፣ ከፀጉር ብዙም አይወፍሩም፣ ሁሉም ወደ አንድ ወገን አዘንብለው ይቆማሉ። ጤነኞች ከሆኑ ባትሪ ከጎን ሲበራባቸው እኩል ያበራሉ። ወንጌላዊት ባትሪዋን አበራችና ዓይኗን ማጉያው ላይ አኖረች። በአንዱ ጠርዝ ላይ ጥቁር ነጥቦች ታዩዋት።

ስድስት ዓመት በዚህ ሥራ ላይ ናት፤ የፒን ጉዳት እንደ ቁስል ነው፣ ምን እንዳቆሰለው ይናገራል። ፕሮሰሰሩ ከእጅ አምልጦ ከወደቀበት፣ ፒኖቹ በአንድ ስፍራ ተጨፍልቀው ይገኛሉ። ጨርቅ ከጠረጋቸው ወይም ጣት ከዳበሳቸው፣ ጎን ለጎን ያሉት በሙሉ ወደተጎተቱበት ይተኛሉ። ይህ ግን አንዱንም አይመስልም። አራት ፒን ቆሟል፣ አምስተኛዋ ታጥፋለች። አራት ቆሟል፣ አምስተኛዋ ታጥፋለች። ከጠርዙ ጫፍ እስከ ጫፍ እንዲሁ ነው።

«እንዲህ የሚታመም ማሽን የለም» አለች ለራሷ፤ ድምፅዋ በባዶው ሱቅ ውስጥ ደስ አላላትም።

የፒኖቹን ስም የሚያሳየውን የመቀመጫውን ካርታ ስልኳ ላይ ከፈተች። ይህ ካርታ ስንቱን ባለሙያ ጉድ ሠርቷል፤ ከፕሮሰሰሩ ሥር የታየውና ከመቀመጫው ፊት የታየው እንደ መስታወት ይገለባበጣሉ፣ ያልተጠነቀቀ ሰው በግራ ያለውን በቀኝ ይፈልጋል። እሷ ማዕዘን ላይ ያለችውን ወርቃማ ሦስት ማዕዘን ምልክት አድርጋ ካርታውን አስተካከለች። ከዚያ የታጠፉትን በወረቀት ላይ እየነጠበች አጠገባቸው ስማቸውን ጻፈች። ሁለቱ ኃይል የሚያስገቡ ናቸው። ሦስቱ የራም ናቸው፤ ሌሎች ሦስቱ የስክሪን። የመጨረሻዋ መሬት ናት። መሬት የሚባሉት ፒኖች ኤሌክትሪኩ ተመልሶ የሚሄድባቸው ናቸው፤ በመቶ የሚቆጠሩ ስለሆኑ አንዷ ብትታጠፍ፣ ሌላዋን ሳትነካ እስከተኛች ድረስ፣ ማሽኑ ልብ አይላትም። ማሽን የሚያውቅ ክፉ ሰው ቢሆን ኖሮ በመሬት ፒን ላይ ጊዜ አያጠፋም። ይህኛው እጅ የፒኑን ስም አያውቅም፤ ርቀት ብቻ ነው የለካው።

ወረቀቱን ከፍ አድርጋ አየችው። ዘጠኝ ነጥብ። ስምንቱ እኩል ተራርቀዋል፤ ዘጠነኛዋ ግን ከስምንተኛዋ ጎን ተጣብቃ ተወግታለች። ወንጌላዊት ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ገልብጣ አስቀመጠችው። ዓይኗን ጨፍና ቆየችና እንደገና ገለበጠችው፤ ነጥቦቹ እዚያው ናቸው።

አባቷ ቁም ጸሐፊ ናቸው። ብራና ከመጻፉ በፊት ይሰመራል፤ ከመሰመሩ በፊት ደግሞ ጠርዙ በወስፌ ይነቆጣል፣ መስመሩ ከነቁጥ ወደ ነቁጥ እንዲሄድ። ሌላው ጸሐፊ በመለኪያ ይነቁጣል። መሪጌታ ገብረ ሕይወት ግን መለኪያ ይንቃሉ፤ ዓይናቸውን ጨፍነው ቢወጉ እንኳ ነቁጡ እኩል ይወጣል። መጨረሻ ላይ ሁለት ነቁጥ ጎን ለጎን ያሳርፋሉ። ወንጌላዊት በልጅነቷ ብራናውን ወጥራ እየያዘች፣ ያችን ጥንድ ነቁጥ በጣቷ ጫፍ መዳበስ ትወድ ነበር።

ሌላም ነገር ትዝ አላት፤ ትዝ ባይላት ይሻል ነበር። ከኮሌጅ የተመረቀች ጊዜ አንድ አሮጌ ማዘርቦርድ ሰባታሚት ይዛ ሄዳ፣ አባቷን ከደጃፍ አስቀምጣ፣ ፕሮሰሰሩን አውጥታ ፒኖቹን በማጉያ አሳይታቸዋለች። እሳቸውም ተገርመው፣ «ይህስ የጸሐፊ ሥራ ነው» አሏት። ኩራት ይዟት፣ «አባየ፣ ከነዚህ አንዷ ብትጎብጥ ማሽኑ ሙት ነው» ብላ ነበር። ሙሉ እውነት አልነበረም። አባትን ማስገረም የምትፈልግ ልጅ ስለ መሬት ፒን አታወራም።

ከሦስት ዓመት በፊት ያ ወንጌል ሊጠረዝ ተብሎ አራት ወር እነሱ ቤት ከርሟል። ይህን መላው ገዳም ያውቃል፤ እሳቸውም ከዚያ ወዲህ ዕቃ ቤቱን እንደ ቤታቸው ይገቡበታል። በዚያው ዓመት አባቷ ሱቅ አስከፈቷት። «በሬዎቹን ሸጥሁ» አሏት። ለፋሲካ ስትሄድ በሬዎቹ በረት ውስጥ ያመሰኩ ነበር። አየቻቸው፤ አልጠየቀችም። አሁን ዓይኗን አስደግፋ ፒኖቹን የምታይበት ማጉያ በዚያው ዓመት የተገዛ ነው። ከወንበሩ ተነሥታ ከማጉያው ራቅ ብላ ቆመች፤ ፈራችው።

በማግስቱ ከሰዓት በፊት ስምንቱን አቃናች። በወረንጦና በቀጭን መርፌ፣ ትንፋሿን ውጣ፣ እያንዳንዷን ፒን በጥቂቱ እያነሣች፣ እያሳረፈች። ፒን ሲታጠፍ አይሰበርም፤ ሲቃና ነው የሚሰበር። ሁለት ጊዜ ወጥታ ነፋስ ተቀበለች። ሐይቁ ጠቁሯል። ከዘጌ ወገን የመጣ ደመና ውኃው ላይ ተደፍቶ፣ ታንኳዎች ወደ ዳርቻው የደንገል ቄጠማ ውስጥ እየሸሹ ነው።

ደረጃው ላይ የባምላክ እናት የሺመቤት ተቀምጠዋል። ከሐሙሲት በየቀኑ በጠዋቱ መኪና ይመጣሉ፣ ለልጃቸው ምሳ ያደርሳሉ፣ ዛሬ ደግሞ ማሽኑ እዚህ መሆኑን ሰምተው መጥተው ቁጭ አሉ። የምሳ ዕቃው ጭናቸው ላይ ነው።

«በልቶልዎታል?» አለቻቸው ወንጌላዊት።

«አልከፈተውም» አሉ። «ድሮ በልቶ የማይጠግብ ልጅ ነው። ጥሩንባ የሚያህል ድምፅ ነበረው፤ ትናንት ሲያናግረኝ አልሰማሁትም።»

ወንጌላዊት ተመልሳ ገባችና ዘጠነኛዋን ፒን በማጉያው አየቻት። ለመጨረሻ ያቆየቻት የማታስቸኩል ስለሆነች ነው። መርፌውን ልታነሣ ስትል ውጭ የአባቷን ድምፅ ሰማች።

«እንደምን ዋልሽ እናቴ?»

«መሪጌታ! እግዜር ይመስገን። ለልጄ ይጸልዩለት እንጂ፤ ዳዊት ያስደገሙት እርስዎ ነዎት።»

«ይፈታዋል» አሉ መሪጌታ። «እግዚአብሔር ይፈታዋል።»

ድምፃቸው ሰላማዊ ነበር። ወንጌላዊትን ያስፈራት ይኸው ሰላማቸው ነው።

ገብተው በሩን ገርበብ አደረጉ። ጥምጥማቸው እንደወትሮው ጽድት ያለ ነው። የተከፈተውን ማሽን አዩና ወደ ዱካው ሄደው ተቀመጡ።

«አባ ወልደ ጻድቅ አሁን ገና ነው የነገሩኝ» አሉ። «የሚድን ነው?»

ወንጌላዊት ዘጠኝ ነጥብ ያለበትን ወረቀት አንሥታ ጉልበታቸው ላይ አስቀመጠችላቸው። መነጽራቸውን አውጥተው ለረጅም ጊዜ አዩት። ጣታቸው ሳያስቡት ነጥቦቹን እየተከተለ ሄደና ጥንዶቹ ላይ ሲደርስ ቆመ። ያን ጊዜ ነው ምን እንዳደረጉ ራሳቸውም የገባቸው።

«እኔ ዝም ብዬ የወጋሁ መስሎኝ» አሉ ቀስ ብለው። «እጄ ነው። ምን ላድርገው?»

ይክዳሉ፣ ይቆጣሉ፣ ይምላሉ ብላ ሌሊቱን ሙሉ ስትዘጋጅ አድራ ነበር። ለዚህ ግን አልተዘጋጀችም። የሥራ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች።

«በቅጂው ላይም ሁለቱን ነቁጥ ወግተዋል?»

«በየገጹ።» ፊታቸው በራ። «ወንጌልየ፣ አርባ መነኮሳት ሦስት ዓመት ሙሉ ተሳለሙት። በእሱ አነበቡ፣ በእሱ አለቀሱ። አንድም የጠረጠረ የለም። ያ ምሁር ባይመጣ ኖሮ ሦስት መቶ ዓመት ይቀመጥ ነበር።»

ወንጌላዊት ከስርቆቱ ይልቅ ይህችን ብርሃን ፈራቻት። ሰውየው አባቷ ናቸው፤ እጃቸውን ይዛ ወንዝ ተሻግራለች፣ ፊደል ቆጥራለች። አሁን ግን ያን ፊት የምታውቀው አልመሰላትም።

«መጽሐፉስ የት አለ?»

«የት እንደደረሰ እኔም አላውቅም። የገዛኝ ሰው ወሰደው፣ ሄደ። ይህ ሱቅ ቀረ።» በዓይናቸው ግድግዳውን፣ መደርደሪያውን፣ ማጉያውን ዞሩት። «በራስሽ እጅ እንድትኖሪ ፈለግሁ። የብራና ዘመን አልቋል። ላንቺ የማወርስሽ ሌላ ምን ነበረኝ?»

«የመዝገቡንም ገጽ እርስዎ ነዎት?»

«አቃጠልሁት።»

ከውጭ ነጎድጓድ ተሰማ። የሺመቤት ከደረጃው ተነሥተው ወደ በሩ ክፈፍ ሥር ሲጠጉ ጥላቸው በበሩ ቀዳዳ ታየ። መሪጌታ ድምፃቸውን ቀነሱ።

«ስንቱን አቃናሽ?»

«ስምንቱን።»

«አንዷ ቀረች?»

«አንዷ።»

ወደ ጠረጴዛው ተጠግተው በማጉያው ውስጥ አዩ። የት እንዳለች ማንም አላሳያቸውም፤ ወዲያው አገኟት። ቀጥ ብለው ቆሙና እጃቸውን ትከሻዋ ላይ አሳረፉ።

«ተያት።»

«ባምላክስ?»

«ልጅ ነው፤ ይወጣል። ማስረጃ ያላገኙበትን ሰው እስከ መቼ ያስሩታል? እኔ ሰባ ሁለት ዓመቴ ነው። ከገባሁ የምወጣ በቃሬዛ ነው። ምንም አድርጊ አላልሁሽም። እንዳለች ተያት ነው ያልሁሽ። አንዷ ብትጎብጥ ማሽኑ ሙት ነው ያልሽኝ አንቺ ነሽ።»

ወንጌላዊት መርፌዋን እንደያዘች ካርታውን አየች። ዘጠነኛዋ ፒን፣ መሬት። የተኛችው ወደ ሌላ መሬት ነው፤ ብትነካ እንኳ የምትነካው ቢጤዋን ነው። ይህን ልትነግራቸው አፏን ከፈተች። ብትነግራቸው ከስምንቱ አንዷን መልሳ እንድታጥፍ ይለምኗታል፤ ሰባ ሁለት ዓመታቸው ነው፣ አባቷ ናቸው፣ ለምነዋት አያውቁም። ከለመኗት ደግሞ እምቢ ማለት እንደማትችል ራሷን ታውቃለች። ከበሩ ቀዳዳ ውጭ፣ ክዳኑ ያልተከፈተ የምሳ ዕቃ ደረታቸው ላይ ያቀፉ እናት ዝናቡን ያያሉ።

«እሺ፣ አባየ» አለች። መርፌውን አስቀመጠች።

መሪጌታ ግንባሯን ሳሟት። ከንፈራቸው ሞቃት ነበር። ዕንባዋ መጣባት፤ እሳቸው ለእሳቸው ያለቀሰች መሰላቸው፣ በእርግጥም ለእሳቸው ነበር።

አበምኔቱና መርማሪው አሥር ሰዓት ከመሙላቱ በፊት ደረሱ፤ ሁለቱም በዝናብ ረጥበዋል። የሺመቤትም ማንም ሳይጠራቸው ተከትለው ገብተው ከበሩ አጠገብ ቆሙ። ወንጌላዊት ፕሮሰሰሩን መቀመጫው ላይ አሳረፈች፣ ብረቱን ወደ ታች ተጭና ቆለፈች፣ ቅባት ቀባች፣ ፋኑን አሰረች። ሃርድ ዲስኩን ወደ ቦታው መለሰች። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል።

«ልጄ የምትችለውን ሁሉ አድርጋለች» አሉ መሪጌታ ለአበምኔቱ፤ ከኋላዋ ቆመው እጃቸው እንደገና ትከሻዋ ላይ ነበር። «ዕቃ ነውና፣ ቢሞትም መቸስ…»

ወንጌላዊት ማስነሻውን ተጫነችው።

ፋኑ ዞረ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት እያለች በልቧ ቆጠረች። አምስት ስትል ፋኑ ቆመ። አበምኔቱ አንገታቸውን ደፉ። የሺመቤት በግድግዳው ተደግፈው ቀስ ብለው ወደ መሬት ወረዱ። የአባቷ እጅ ትከሻዋ ላይ ሲላላ፣ ከአፍንጫቸው ረጅም ትንፋሽ ሲወጣ ሰማች። ፕሮሰሰሩ ወጥቶ የገባ ማሽን ራሱን እስኪያውቅ አንድ ጊዜ ጠፍቶ እንደሚነሣ እሷ ታውቃለች። ቢሆንም በዚያች ቅጽበት፣ ባይነሣስ ብላ ተመኘች። ተመኝታለች፤ ይህን ዕድሜ ልኳን አትረሳውም።

ፋኑ እንደገና ዞረ። አልቆመም። ስክሪኑ ግራጫ ሆነ፣ ከዚያ ሰማያዊ፣ ከዚያ የገዳሙ ስም ወጣና ከሥሩ የይለፍ ቃል የሚጻፍባት ነጭ ሣጥን ተከፈተች።

«ተመስገን!» አሉ አባ ወልደ ጻድቅ። መነጽራቸውን እየፈለጉ ወደ ጠረጴዛው ተጠጉ፤ መርማሪውም ማስታወሻውን አወጣ። የሺመቤት ከወለሉ ላይ ሆነው «ምንድን ነው? ምን አለ?» እያሉ ይጠይቃሉ።

መሪጌታ ገብረ ሕይወት ጎንበስ ብለው ጆሮዋ ሥር አፋቸውን አደረጉ።

«ዘጠነኛዋን… አቃናሻት?»

«አላቃናኋትም» አለች ወንጌላዊት፤ ዞራ አላየቻቸውም። «እሷ ባትኖርም ይሠራል፣ አባየ። ያን ጊዜ አልነገርሁዎትም እንጂ።»

አበምኔቱ በአንድ ጣታቸው ፊደል እየፈለጉ የይለፍ ቃሉን መጻፍ ጀመሩ። የአባቷ እጅ ከትከሻዋ ላይ ተነሣ።